አያቴ ካሜራ ሲበራ ዝም ትላለች፤ ምን ላድርግ?

ሰላም ለሁላችሁ። እስራኤል ተወልጄ ያደግኩ ጀማሪ ፊልም ሠሪ ነኝ። የመጀመሪያ አጭር ዘጋቢ ፊልሜ ስለ አያቴ ነው። ከጎንደር አካባቢ፣ ከአምቦበር ተነስታ በእግሯ ሱዳን ገባች። እ.ኤ.አ. በ1984 በሙሴ ዘመቻ፣ ማለትም ቤተ እስራኤላውያንን ከሱዳን በአውሮፕላን ወደ እስራኤል ባመጣው ዘመቻ ነው እዚህ የደረሰችው።

ቡና እየጠጣን ሁሉንም ታወራኛለች። ካሜራ ሲበራ ግን ጭጭ! ድምፅ ብቻ እንድቀዳ ፈቅዳልኛለች።

ችግሩ ምስሉ ነው። ያለኝ ኢየሩሳሌም፣ አርሞን ሃናጺቭ ላይ የቀረጽኩት ስግድ የተባለው የቤተ እስራኤላውያን በዓል ነው፤ ቄሶቹ፣ ጃንጥላው፣ ሕዝቡ። ያምራል፣ ግን የመንገዱን መከራ አያሳይም። (ደግሞ ስግድን ያልቀረጸ ማን አለ?) በተዋናይ ማሠራቱ አይዋጥልኝም።

በድምፅ ብቻ የሠራችሁ፣ ምስሉን በምን ሞላችሁት? የዚያን ጊዜ የሱዳን መጠለያዎች ፎቶ ወይም ፊልምስ ከየት ይገኛል?