እንቅልፍ እንቢ አለኝ፤ ያልተለመደ መላ ያላችሁ?

ጠያቂ (ደብረ ማርቆስ)፦
ሦስት ወር አለፈኝ። ማታ 4 ሰዓት እጋደማለሁ፣ እስከ ሌሊቱ 9 ሰዓት ስገላበጥ እቆያለሁ። ሸለብ ሲያደርገኝ ዶሮ ይጮሃል። የምውለው እንጨት ሥራ ቤት ነው። ማክሰኞ መጋዙ ላይ ፈዝዤ ጣቴ ለጥቂት ተረፈ። ስልክ ትቻለሁ፣ ወተት በማር ጠጥቻለሁ፣ ትራሴ ሥር ጤና አዳም አድርጌያለሁ። ጎረቤቴ አንድ መለኪያ አረቄ ይበቃሃል ይለኛል። እባካችሁ ሌላ መላ ካላችሁ ወዲህ በሉኝ።

ከቡሬ፦
አረቄውን ተወው ወንድሜ፣ እኔ አይቼዋለሁ። ቶሎ ያስተኛል፣ እኩለ ሌሊት ላይ ግን ያባንናል። ይልቅ ከመተኛትህ አንድ ሰዓት ቀደም ብለህ እግርህን ሞቅ ባለ ውሃ ታጠብ። ከመንገድ የመጣን እንግዳ እንደምናጥበው፣ ረጋ ብለህ።

ከፍኖተ ሰላም፦
ነርስ ነኝ። የእግሩ ነገር እውነት ነው። እግር ሲሞቅ የቆዳ ደም ሥሮች ይሰፋሉ፣ የውስጥ ሙቀት በዚያ ይወጣል። እንቅልፍ የሚመጣው ሰውነት ከውስጥ ቀዝቀዝ ሲል ነው። ለመሆኑ ቡና ስንት ሰዓት ትጠጣለህ?

ጠያቂ፦
ከሥራ ስገባ፣ 11 ሰዓት ላይ። በረካውን ሳልጠጣ አልነሳም።

ከፍኖተ ሰላም፦
በቃ፣ አንዱ ምክንያት እሱ ይሆናል። የቡናው ካፌይን በግማሽ ለመቀነስ 5 ሰዓት ያህል ይፈጅበታል። 4 ሰዓት ስትጋደም ግማሹ ገና አብሮህ አለ። ከቀትር በኋላ አትጠጣ። መድኃኒትም ያለ ሐኪም ትእዛዝ እንዳትገዛ። የምታንኮራፋ፣ ትንፋሽህም የሚቋረጥ ከሆነ ሳትዘገይ ሐኪም ይይህ። ባይሆንም እንኳ ሦስት ወር ብዙ ነውና ጤና ጣቢያ ብቅ በል።

ከሞጣ፦
የእኔ ትንሽ ይገርምህ ይሆናል። 20 ደቂቃ ያህል ተጋድሜ እንቅልፍ ካልመጣ እነሳለሁ። በደብዛዛ መብራት ሰፌድ ላይ ምስር እለቅማለሁ። ጠጠሩን ለብቻ፣ እንክርዳዱን ለብቻ። ዓይኔ ሲከብድ ብቻ ወደ አልጋ። አልጋው የመገላበጫ ቦታ መሆኑን እንዲረሳ ነው። ጠዋት ግን፣ ብተኛም ባልተኛም፣ 12 ሰዓት እነሳለሁ።

ከዳንግላ፦
እኔ ደግሞ «ዛሬ አልተኛም» ብዬ ዓይኔን ገልጬ እጋደማለሁ። ተኛ ተኛ የሚለው ጭንቀት ሲቀር እንቅልፉ ራሱ ይመጣል።

ጠያቂ (ከሁለት ሳምንት በኋላ)፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ቡናውን ወደ ጠዋት አዛወርኩት። ያንን ያህል ይከብደኛል ብዬ አልጠበቅኩም፣ አራት ቀን ራሴን አመመኝ። ምስሩን ግን ወደድኩት። መጀመሪያ ሰሞን ሙሉ ሰፌድ እጨርስ ነበር። ትናንት አንድ እፍኝ እንኳ ሳልለቅም ዓይኔ ከበደ። ዶሮውንም አልሰማሁት።