እህቴ ለውበት ብላ ቀዶ ሕክምና ልታደርግ ነው፤ ምን ልበላት?

ጠያቂ፦ ዱባይ የምትሠራ የ26 ዓመት ታናሽ እህት አለችኝ። በሁለት ዓመት ያጠራቀመችውን ገንዘብ ይዛ ኢስታንቡል በመሄድ ከሆዷ ስብ አስወጥታ በዚያው ስብ መቀመጫዋን ለማስሞላት ወስናለች። ክሊኒኩ ኦፕሬሽኑን፣ ሆቴሉንና መኪናውን በአንድ ዋጋ አጠቃሎ ሸጦላታል። ምክንያቷን ስጠይቃት «ፎቶ ላይ ራሴን ሳየው አልወደውም» ከማለት በቀር ሌላ አልነገረችኝም። ገላውም ገንዘቡም የራሷ ቢሆንም ዝም ማለት ከብዶኛል።

ነርሷ፦ ይህ ኦፕሬሽን በውበት ቀዶ ሕክምና ውስጥ በገዳይነቱ ስሙ የሚነሣ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 ባለሙያዎች ባወጡት ግምት ከ3,000 ታካሚዎች አንድ ያህሉ ይሞቱ ነበር። ከቆዳ ሥር መቅረት የሚገባው ስብ ጡንቻ ውስጥ ጠልቆ ሲወጋ በትላልቆቹ ደም መልስ ሥሮች አልፎ ሳንባ ይዘጋል። ስለዚህ መርፌውን የሚይዘው ማን እንደሆነና ጥልቀቱን በአልትራሳውንድ ይከታተል እንደሆነ ትጠይቅ።

የጎጃሟ፦ እኔ የአንገቴን ንቅሳት በሌዘር አስጠፍቻለሁ። በልጅነቴ ያስነቀሱኝ አያቴ ነበሩ፤ በሰፈራችን ጌጥ የነበረው ነገር አዲስ አበባ ለሥራ ስገባ «የባላገር ልጅ» የሚያሰኝ ምልክት ሆነብኝ። ንቅሳቱ ለቀቀ፤ በቦታው ግን ከቀረው ቆዳዬ ፈዘዝ ያለ ምልክት ቀረ። በማስጠፋቴ አልጸጸትም። አያቴ ግን አይተውኝ «ምን ባጠፋ ነው ያጠፋሽው?» ያሉኝን እስከ ዛሬ መልስ አላገኘሁለትም።

ታዛቢ፦ በየካቲት 12 ሆስፒታል እሳት ያጨማደደውን ቆዳ የሚያቃናውም፣ ጤነኛ ገላ የሚቀርጸውም ሙያ አንድ ነው፤ ስለዚህ ኦፕሬሽኑን በጅምላ ማውገዝ አይገባም። እኔን የሚያሳስበኝ የሻጩ ሥነ ምግባር ነው። ሌላው ሰው የማያየው ጉድለት በሐሳባቸው ገዝፎ የሚያስጨንቃቸው ሰዎች አሉ፤ ሕመሙ የአእምሮ በመሆኑ ቢላዋ አብዛኛውን ጊዜ አያሽረውም፣ ጭንቀቱም ወደ ሌላ የአካል ክፍል ይዛወራል። ጥሩ ሐኪም ይህን ለመለየት አስቀድሞ ያነጋግራል፣ አንዳንዱንም ይመልሳል። ከሆቴል ጋር አጠቃሎ የሚሸጥ ሰው ግን ታካሚ መልሶ ምን ይጠቀማል? (እኛም ብንሆን «ወፈርሽ፣ ከሳሽ» ማለትን እንደ ሰላምታ የምንቆጥር ሰዎች ነን።)

ጠያቂ፦ አመሰግናለሁ። ትናንት ደውዬ ሐኪሙ ምን እንዳላት ጠየቅኋት። እስካሁን የተጻጻፈችው ከሽያጭ ሠራተኛዋ ጋር ብቻ ነው።