ለፍልሰታ ምሳ የሚሆን አረንጓዴ ሰላጣና የሚያቃጥል ማጣፈጫ፦ ቅጠሉ ሳይጠወልግ እንዴት ይሠራል?

ጥያቄ (ከሐዋሳ፣ ታቦር ተራራ አካባቢ)

ጤና ይስጥልኝ። የባለቤቴ እናትና እህቶቹ በዚህ ሳምንት ከቅዳሴ በኋላ እኛ ቤት ምሳ ይበላሉ። በጠቅላላው 8 ሰዎች እንሆናለን። ሽሮውና ምስር ወጡ አያሳስበኝም። የጨነቀኝ ከጎኑ የማቀርበው አረንጓዴ ሰላጣ ነው፦ የሰላጣ ቅጠል፣ ኪያር፣ አቮካዶ፣ ትንሽ ቀይ ሽንኩርት፣ ከላዩም እቤት የማዘጋጀው፣ ቃሪያ የገባበት ማጣፈጫ። አማቴ የሚያቃጥል ነገር ይወዳሉ፤ ካላቃጠላቸው ምግብ በሉ አይባልም።

የቸገሩኝ ነገሮች ሁለት ናቸው። ዘይቱና ሎሚው አልዋሃድ ይሉኛል፤ ቃሪያው ሥር ይዘቅጥና አንዱ ጉርሻ አልጫ፣ የሚቀጥለው እሳት ይሆናል። ቅጠሉ ደግሞ ማዕድ ላይ ሳይደርስ ይጠወልጋል፤ ሳህኑ ሥርም ውሃ ይቋጥራል። ቅዳሴው የሚያልቀው ወደ 9 ሰዓት ገደማ ስለሆነ፣ እኔም አብሬያቸው ስለምሄድ፣ ሥራውን ጠዋት ጨርሼ መውጣት አለብኝ። ጾም በመሆኑ እንቁላል፣ እርጎና ማዮኔዝ አይገባበትም። ምን ትመክሩኛላችሁ?

መልስ (በሆቴል ወጥ ቤት የሚሠራ፣ ሐዋሳ)

እህቴ፣ የቅጠሉ መጠውለግ ከውሃና ከጨው የሚመጣ ነው። ቅጠሉ ላይ የቀረ የእጥበት ውሃ ዘይቱን አያስጠጋም፤ ማጣፈጫው ተንሸራትቶ ሳህኑ ሥር ይወርዳል። ጨው ደግሞ ከቅጠሉም፣ ከኪያሩም፣ ከሽንኩርቱም ውሃ ይስባል። ስለዚህ ቅጠሉን በደንብ አድርቂው፤ ጨው ያለበትን ነገርም ሰው ማዕድ ላይ እስኪቀመጥ ድረስ አታስነኪው።

ጠዋት እንዲህ አድርጊ። ቅጠሉን አንድ በአንድ ቀንጥሰሽ እጠቢ፤ ጠውለግ ያለ ካለ በጣም ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ለ15 ደቂቃ ብትነክሪው ይነሣል። ከዚያ በማጥለያ አንጠፍጥፊና ንጹሕ ፎጣ ላይ በስሱ ዘርግተሽ፣ ሳትጫኚ፣ በሌላ ፎጣ ከላይ አድርቂ። በእጅሽ ስትነኪው እርጥበት ሊሰማሽ አይገባም። አሁን በደረቅ ጨርቅ ለቀቅ አድርገሽ ጠቅልዪና ማቀዝቀዣ ውስጥ፣ ከታችኛው መሳቢያ ክተቺ። እንዲህ የተቀመጠ ሰላጣ እስከ 9 ሰዓት ይቅርና እስከ ማግስቱም አይበላሽም። በቢላ አትክተፊው፤ ሊቀርብ ሲል በእጅሽ ቁረጪው። ያልተሳለ ቢላ ቅጠሉን ይጨፈልቀዋል፤ የተጨፈለቀው ጠርዝም ቶሎ ይጠቁራል።

ወደ ማጣፈጫው ስንመጣ፣ ቅደም ተከተሉ ወሳኝ ነው። ጨው ዘይት ውስጥ አይሟሟም፤ ሎሚ ውስጥ ግን ይሟሟል። የቃሪያ ማቃጠል ደግሞ በተቃራኒው ውሃ ውስጥ እምብዛም አይገባም፤ የሚወጣው በዘይት ነው። ለ8 ሰው እኔ የምጠቀምበት ልክ ይኸውልሽ፦ የሎሚ ጭማቂ 4 የሾርባ ማንኪያ፣ ዘይት ከ8 እስከ 10 የሾርባ ማንኪያ፣ ጨው አንድ የሻይ ማንኪያ፣ ስኳር ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ የተዘጋጀ ሰናፍጭ ሁለት የሻይ ማንኪያ፣ አንድ ፍሬ ነጭ ሽንኩርት፣ ሁለት ቃሪያ። በአቼቶ የሚሠሩ ሰዎች አንድ እጅ አቼቶ ለሦስት እጅ ዘይት ይላሉ፤ የእኛ ሎሚ ሽታውም ጣዕሙም ጥሩ ስለሆነ ትንሽ በዛ ቢል አይከፋም።

ቃሪያውንና ነጭ ሽንኩርቱን ከጨው ቆንጥረሽ ሙቀጫ ውስጥ ውቀጪ። ጨው እንደ አሸዋ ሆኖ ይፈጨዋል፤ ጥቂት ቆይቶ ቁርጥራጩ ጠፍቶ አረንጓዴ ሊጥ ይሆንልሻል። አንዱ ጉርሻ አልጫ፣ ሌላው እሳት የሚሆነው ቃሪያው በቁራጭ ስለሚቀር ነው፤ ሊጥ ከሆነ ቁራጭ የለም። ሊጡን ከዘይቱ ጋር ቀላቅለሽ ግማሽ ሰዓት አቆዪው፤ ማቃጠሉ በዘይቱ ሁሉ ይዳረሳል። የቃሪያ ኃይል በብዛት ያለው ዘሩ ውስጥ ሳይሆን ዘሩ የተንጠለጠለበት ነጩ ሥጋ ላይ ነው፤ ለአማትሽ ተዪው፣ ለልጆች ከሆነ ጠርገሽ አውጪው።

የቀረውን ጨው፣ ስኳሩንና ሰናፍጩን ሎሚው ውስጥ አሟሚ። ሁለቱን ክዳኑ የሚገጥም ሰፊ አፍ ጠርሙስ ውስጥ ጨምረሽ ለአንድ ደቂቃ ያህል ናጪው። ዘይትና ሎሚ እንዲያያዙ የሚያደርገው ሰናፍጩ ነው፤ ከተናጠ በኋላ ፈዘዝ ያለ ቢጫ፣ ወፈር ያለ ሆኖ ታዪዋለሽ። ስትመለሺ ተለያይቶ ብታገኚው አትደንግጪ፤ እንደገና ናጪው።

መልስ (የልጆች እናትና አያት፣ ሐዋሳ)

ልጄ፣ ሐዋሳ ተቀምጠሽ ስለሚያቃጥል ማጣፈጫ ስትጠይቂ ዳጣን ያነሣልሽ አለመኖሩ ይገርማል። እዚህ አገር ከዓሣም ከጥሬ ሥጋም ጋር የሚቀርበው እሱ ነው፤ ለሰላጣ ምን አነሰው? አረንጓዴ ቃሪያ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብል፣ ጨው፣ ትንሽ በሶብላ፣ ከተገኘ ጥቂት የጤና አዳም ቅጠል፤ አብረሽ በድንጋይ ወይም በሙቀጫ ታልሚዋለሽ። አንድ የሾርባ ማንኪያ ዳጣ በሎሚና በዘይት በጥብጠሽ ሰላጣው ላይ አድርጊ። በሶብላው ከኪያር ጋር ምን ያህል እንደሚስማማ ስትቀምሺው ትረጂዋለሽ። አማትሽም የሚያውቁት ጣዕም ስለሆነ ደስ ይላቸዋል። ሰናፍጩን ለሥጋው ጊዜ አቆዪው።

መልስ (በሆቴል ወጥ ቤት የሚሠራ)

እማማ፣ ልክ ብለዋል፤ ዳጣው ከእኔ ቃሪያ ይበልጥ ሽታ አለው። ሰናፍጩን ግን ተዪው አልላትም፤ በጾም ማዕድ ላይም ቦታው የታወቀ ነው። ያለ እሱ ዘይቱ ወዲያው ይለያያል። ዳጣውን በቃሪያው ምትክ ያስገቡት፣ ሰናፍጩም ይኑር። እህቴ፣ ዳጣ ከተጠቀምሽ ጨው ስላለበት ቀምሰሽ ነው ሌላ የምትጨምሪው። ሰናፍጩን ራስሽ የምትፈጪ ከሆነ ዱቄቱን በቀዝቃዛ ውሃ አርሰሽ 10 ደቂቃ አቆዪና ከዚያ ሎሚውን አስገቢ። ኃይሉ የሚወጣው በዚያች ጊዜ ነው፤ በፈላ ውሃ ካሸሽው ወይም ገና ደረቅ እያለ ሎሚ ካፈሰስሽበት አፍንጫ የሚከፍተው ነገር ይደክማል።

መልስ (የጤና ባለሙያ)

ስለ ጣዕሙ ብዙ ተባለ፤ ስለ እጥበቱ ግን በአንድ ቃል ታለፈ። ወቅቱ ክረምት ነው። ዝናቡ አፈሩን እያፈናጠረ ቅጠሉ እጥፋት ውስጥ ይከተዋል፤ የሰላጣው እምብርት አካባቢ ገልጣችሁ ብታዩ ጭቃው ተጋግሮ ታገኙታላችሁ። የወስፋት እንቁላልና አሜባ የሚመጣው በዚያ ነው።

ብዙ ሰው ሎሚ ወይም አቼቶ ስላለበት ተሕዋሲያኑ ይሞታሉ ብሎ ያምናል። አይሞቱም። የወስፋት እንቁላል በክሎሪን እንኳ በቀላሉ የሚሞት ስላልሆነ መፍትሔው ታጥቦ እንዲወርድ ማድረግ ነው። እምብርቱን ቆርጠሽ ቅጠሎቹን ነጣጥዪ፤ እያንዳንዱን በሚወርድ ንጹሕ ውሃ ፊቱንም ጀርባውንም፣ በተለይ ወፍራሙን አከርካሪ፣ በጣትሽ እያሸሽ እጠቢ። ቀጥሎ የውሃ ማከሚያ መድኃኒት ባለበት ውሃ ውስጥ፣ ማሸጊያው ላይ በተጻፈው መጠንና ደቂቃ ዘፍዝፊና በንጹሕ ውሃ አለቅልቂ። ያ ለባክቴሪያው ነው። ኪያሩንና አቮካዶውንም ከመላጥሽ በፊት እጠቢ፤ ቢላው ከልጣጩ ላይ ያለውን ወደ ውስጥ ይዞ ይገባል።

ከእንግዶችሽ መካከል ነፍሰ ጡር አለች? ካለች በደንብ መታጠቡን ራስሽ ያላየሽውን ጥሬ ቅጠል አታቅርቢላት። የድመት ዓይነ ምድር ከነካው አፈር የሚመጣ፣ ፅንስን የሚጎዳ በሽታ አለ።

ጠያቂዋ

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። አዎ፣ አንዷ የባለቤቴ እህት ነፍሰ ጡር ናት፤ ቅጠሉን ራሴ አጥባለሁ፣ ለሌላ ሰው አልሰጥም። እማማ፣ ዳጣውን ከነበሶብላው ነገ እወቅጣለሁ። ሦስት ነገር ልጨምር፦ አቮካዶው ጠዋት ተቆርጦ ይቆያል? መብራት ቢጠፋስ? እቤት ያለኝ የሚረጋው ዘይት ነው፤ እሱ ይሆናል?

መልስ (የምግብ ዝግጅት መምህርት፣ አዳማ)

ከመጨረሻው ልጀምር። የሚረጋው ዘይት ለሰላጣ አይሆንም። የፓልም ዘይት ስለሆነ ቀዝቃዛ ቅጠል ላይ ሲያርፍ ይረጋና አፍ ውስጥ እንደ ሻማ ይሆናል። ለወጡ አድርጊው። ለሰላጣ የሱፍ ዘይት ይሻላል፤ ሽታው ቀላል ስለሆነ ዳጣውን አይጫነውም። የኑግ ዘይት ጣዕሙ ጠንካራ ነው፤ ለምትወዱት ግን ከሱፉ ጋር ጥቂት ቢገባ ነውር የለውም። የወይራ ዘይት ካለሽ እሰየው፤ ማቀዝቀዣ ውስጥ ቢደፈርስ ውጭ ሲቆይ ይጠራል።

መብራት ቢጠፋ የማቀዝቀዣውን በር አትክፈቺ፤ ለጥቂት ሰዓት ቅዝቃዜውን ይይዛል። ማቀዝቀዣ ከሌለ ደግሞ ቅጠሉን እርጥበት ባለው፣ ውሃ በማይንጠባጠብበት ጨርቅ ሸፍነሽ መሬት ላይ፣ ነፋስ በሚያገኘው ጥላ አስቀምጪው። እኛ በአዳማ ሙቀት እንዲህ እናደርጋለን፤ ለሐዋሳ ነሐሴማ ቀላል ነው።

አቮካዶውን አትቁረጪ። ሎሚ ቢቀባ መጥቆሩ ይዘገያል እንጂ አይቀርም፤ ደግሞም ይለሰልሳል። ሙሉውን አጥበሽ ተዪውና ስትመለሺ ቁረጪው። ኪያሩንም እንዲሁ። ሽንኩርቱን ግን ጠዋት በስሱ ከትፈሽ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ብታስቀምጪው ክርፋቱ ይለቃል። ከዚያ አጥልዪና አድርቂ።

አንድ ሐሳብ ልጨምር፦ ማጣፈጫው እንደ ማዮኔዝ ወፈር እንዲልልሽ ከፈለግሽ፣ ከአቮካዶው ሩቡን በሹካ ድፍጥጥ አድርገሽ ጠርሙሱ ውስጥ ጨምረሽ ናጪ። በጾም እንቁላሉን የሚተካ ከዚህ የተሻለ ነገር አላውቅም፤ የሲዳማ አቮካዶ ደጃችሁ ላይ እያለ ደግሞ አለመጠቀም ያሳዝናል።

መልስ (በሆቴል ወጥ ቤት የሚሠራ)

በአቮካዶው እስማማለሁ፤ ግን ሊበላ ሲል ብቻ ይግባ፣ ጠዋት ከገባ ይጠቁራል።

ከቤተ ክርስቲያን ስትመለሺ ደግሞ እንዲህ ነው፦ እንግዶቹ እጃቸውን ሲታጠቡ ቅጠሉን ሰፊ ጎድጓዳ ሳህን ውስጥ ቁረጪ፤ ኪያሩንና ሽንኩርቱን ጨምሪ። ጠርሙሱን ናጪና መጀመሪያ ግማሹን ብቻ፣ መሃሉ ላይ ሳይሆን በሳህኑ ጠርዝ ዙሪያ አፍስሺ። በታጠበ እጅሽ ከሥር ወደ ላይ እያነሣሽ ቀስ ብለሽ አገላብጪ፤ ቅጠሉ ሁሉ አብረቅረቅ ሲል በቅቶታል። ሳህኑ ሥር የተጠራቀመ ነገር ካየሽ በዝቷል ማለት ነው። አቮካዶው ከሁሉ በኋላ ከላይ ይደርደር፤ አብሮ ከተገላበጠ ይፈርሳል። የተረፈውን ማጣፈጫ በትንሽ ሳህን አድርገሽ አማትሽ አጠገብ አስቀምጪላቸው፤ የፈለጉትን ያህል ይጨምሩ።

ጠያቂዋ

ከዚያም የተረፈ ማጣፈጫ ስንት ቀን ይቆያል?

መልስ (የጤና ባለሙያ)

ጥሬ ነጭ ሽንኩርት ዘይት ውስጥ ስላለ ከማቀዝቀዣ ውጭ አታሳድሪው። አየር በማያገኝበት በዘይት ውስጥ አደገኛ መርዝ የሚያመነጭ ባክቴሪያ ሊያድግ ይችላል፤ ሽታውም መልኩም ላይለወጥ ይችላል። ምሳው እንዳለቀ ማቀዝቀዣ ውስጥ ክተቺና በሦስት ቀን ውስጥ ጨርሺው። አቮካዶ የገባበትን ግን በዚያው ቀን።

መልስ (የልጆች እናትና አያት)

በማግስቱ የተቀቀለ ድንችና ቀይ ሥር ላይ አፍስሺው፤ ሦስት ቀንም አይቆይ።