50 ለ1 ሲባል አንዱ ከሃምሳው ውስጥ ነው ወይስ ከውጭ?

ጠያቂ፦
ጤና ይስጥልኝ። አጎቴ ከባሕር ዳር ወደ ዘጌ ሰው በሚያመላልሱበት ጀልባ ላይ ዘይትና ቤንዚን ተቀላቅሎ የሚሞላበት አዲስ ሞተር አስገጥመዋል። መመሪያው ለመጀመሪያዎቹ ሰዓታት 25 እጅ ቤንዚን ለ1 እጅ ዘይት፣ ከዚያ በኋላ 50 ለ1 ይላል። የመጀመሪያው ጊዜ አልቆ ከ25 ለ1ዱ ድብልቅ 13 ሊትር ተርፎናል። እኔ ሌላ 13 ሊትር ቤንዚን ይጨመር ስል፣ አጎቴ «12 ሊትር ተኩል ነው» ብለው አሻፈረኝ አሉ። ልክ ማን ነው?

መልስ 1፦
አጎትዎ ልክ ናቸው። 25 ለ1 ማለት በድምሩ 26 እጅ ነው፤ 13 ሊትር ለ26 ሲካፈል አንዱ እጅ ግማሽ ሊትር ስለሚሆን፣ በእጅዎ ያለው 12.5 ሊትር ቤንዚንና 0.5 ሊትር ዘይት ነው። ዘይቱ ስለማይለወጥ ለግማሽ ሊትር ዘይት የሚያስፈልገው ቤንዚን 25 ሊትር ነው፤ የጎደለውም 12.5 ሊትር ብቻ ነው። እርስዎ እጥፍ ያደረጉት ቤንዚኑን ሳይሆን ድብልቁን ነው።

መልስ 2፦
ስሌቱ እውነት ነው፤ ነገር ግን 13 ሊትር ቢጨመርም 51 ለ1 ስለሚሆን ሞተሩ ልዩነቱን አያውቀውም። እኔን የሚያሳስበኝ ዘይቱን በሃይላንድ ጠርሙስ በዓይን ገምቶ መጨመር ነው። ለ20 ሊትር ቤንዚን 400 ሚሊ ሊትር ዘይት ይበቃል፤ ይህ በጣም ካነሰ ፒስተኑ ግሪፕ ያደርጋል (ተጣብቆ ይቆማል)፣ ከበዛ ደግሞ ነዳጁን የሚያቀጣጥለው ካንዴላ ይጨማለቃል፣ ያልተቃጠለውም ዘይት ከጭሱ ጋር ጣና ውስጥ ይገባል።

መልስ 3፦
በ50 ለ1 የማይጎዳው ስሕተት ቁጥሩ ሲያንስ ይጎዳል። 5 ከመቶ የሆነ በረኪና ወደ 0.5 ከመቶ ለማቅጠን ከ10 እጅ 1ዱ በረኪና መሆን ስላለበት የሚጨመረው ውሃ 9 እጅ ነው፤ 10 እጅ ከተጨመረ ወደ 0.45 ይወርዳል። በ1 ለ3 የልስን ቡኮ ደግሞ ሲሚንቶው ከአራት እጅ አንዱ ነው፤ «ሲሶው» ብሎ የገዛ ሰው ሲሚንቶ ይተርፈዋል። በነገራችን ላይ 1 ሳጥን ሲሚንቶና 3 ሳጥን አሸዋ ሲቀላቀሉ 4 ሳጥን አይሞሉም፤ ሲሚንቶው በአሸዋው ክፍተት ውስጥ ይገባልና። ለቤንዚንና ለዘይት ግን ድምሩ ያስኬዳል።

ጠያቂ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ፤ አጎቴን ይቅርታ ጠይቄአለሁ። ሌላ ችግር ግን መጣ፦ 13 እና 12.5 ሲደመር 25.5 ሊትር ነው፣ ጄሪካናችን ደግሞ ባለ 20 ሊትር ነው።

መልስ 1፦
ድብልቁን በደንብ ከነቀነቁ በኋላ 6.5 ሊትሩን ወደ ሌላ ጄሪካን ይገልብጡና በሁለቱም ላይ 6.25 ሊትር ቤንዚን ይጨምሩ። ሳይነቀነቅ ከተከፈለ ዘይቱ እኩል መካፈሉን የሚያረጋግጥልዎ ነገር የለም።