ፕሬድኒሶን ወይስ ፕሬድኒሶሎን? ስማቸው የሚመሳሰል መድኃኒቶችና ኬሚካሎች

ማኅደረ፦

ሰላም ለሁላችሁ። የእናቴን መድኃኒቶች የምከታተለው እኔ ነኝ። በዛ ያለ ኪኒን ነው የምትወስደው። የላቲን ፊደል ማንበብ ስለሚከብዳት የእያንዳንዱን ስም በአማርኛ በወረቀት ጽፌ ለጥፌላታለሁ።

አሁን አንድ ነገር ግራ ገባኝ። ሐኪሟ ያዘዘላት ፕሬድኒሶሎን ነው፣ ካርቶኑ ላይ የተጻፈው ግን ፕሬድኒሶን ነው። ወንድሜ «የአጻጻፍ ልዩነት ነው፣ ያው ነው» ይለኛል። እኔ ግን አልተዋጠልኝም። አንድ ናቸው ወይስ ይለያያሉ?

በዚያው ነገሩን ሳጣራ ሌሎችም ተመሳሳይ ስሞች አየሁ። ሀይድራላዚንና ሀይድሮክሲዚን፣ ክሎትሪማዞልና ኮትሪሞክሳዞል። በአማርኛ ስጽፋቸው ደግሞ ጭራሽ ተቀራረቡብኝ። በእውነት የሚያሰጉት የትኞቹ ናቸው? አጻጻፉ ላይስ ምን ባደርግ ይሻላል? የምታውቁ ካላችሁ እባካችሁ ዘርዘር አድርጋችሁ ንገሩኝ፣ የእናቴ ጉዳይ ስለሆነ በግምት መሄድ አልፈልግም።

ብልቃጥ፦

ማኅደረ፣ እንኳን ዝም ብለሽ አላለፍሽው። ፋርማሲስት ነኝ፣ የማውቀውን ልንገርሽ።

ሁለቱ የተለያዩ መድኃኒቶች ናቸው፣ ግን የቅርብ ዘመዳሞች፣ ሁለቱም ስቴሮይድ ከሚባሉት ናቸው። ፕሬድኒሶን እንዳለ ብዙም አይሠራም። ሰውነት ውስጥ ከገባ በኋላ ጉበት ወደ ፕሬድኒሶሎን ይለውጠዋል፣ ሥራውን የሚሠራውም ይሄኛው ነው። ጉበቱ ጤነኛ ለሆነ ሰው የአንዱ 5 ሚሊግራም ከሌላው 5 ሚሊግራም ጋር እኩል ይቆጠራል። ጉበቱ ክፉኛ የተጎዳ ሰው ላይ ግን ለውጡ በደንብ ላይካሄድ ስለሚችል ፕሬድኒሶሎን ይመረጣል። ስለዚህ ዛሬውኑ መድኃኒቱን የሰጣችሁ ቦታ ደውለሽ «ማዘዣው ፕሬድኒሶሎን ይላል፣ ካርቶኑ ፕሬድኒሶን ይላል፣ አውቃችሁ ነው የቀየራችሁት?» ብለሽ ጠይቂ። እናትሽ ጉበቷን የሚያማት ከሆነም ንገሪያቸው። አንድ ነገር ደግሞ አደራ፣ ለሳምንታት ስትወስደው የቆየች ከሆነ መልስ እስኪመጣ ብላችሁ በራሳችሁ እንዳታቋርጡት። እንዲህ ዓይነት መድኃኒት ሰውነት ከለመደው በኋላ በድንገት ሲቆም ራሱን የቻለ አደጋ አለው።

ይህኛው ጥንድ እንግዲህ ከቀላሎቹ ነው። ከባዶቹ ስማቸው ተቀራርቦ ሥራቸው ምንም የማይገናኝ ነው። ሀይድራላዚን የደም ሥር አስፍቶ ግፊት የሚያወርድ መድኃኒት ነው። ሀይድሮክሲዚን ደግሞ ለማሳከክና ለጭንቀት የሚሰጥ፣ እንቅልፍ እንቅልፍ የሚያሰኝ የአለርጂ መድኃኒት ነው። ነገሩን የሚያብሰው ሁለቱም በ10፣ በ25 እና በ50 ሚሊግራም መሠራታቸው ነው። ስሙን ያሳሳተ ሰው መጠኑን አይቶ አይነቃም፣ ምክንያቱም መጠኑም ልክ ይመስላል። ሜትፎርሚንና ሜትሮኒዳዞልም እንደዚያው ናቸው። አንዱ የስኳር በሽታ መድኃኒት ነው፣ ሌላው አሜባና ጃርዲያን እንዲሁም አንዳንድ ባክቴሪያዎችን ይገድላል። ሁለቱም በ500 ሚሊግራም አሉ፣ በፊደል ተራ በተደረደረ መደርደሪያ ላይ ደግሞ ጎረቤታሞች ናቸው።

ክሎርፕሮማዚን የአእምሮ ሕመም መድኃኒት ነው። ክሎርፕሮፓማይድ የደም ስኳር የሚያወርድ የቆየ የስኳር መድኃኒት ነው። ስኳር የሌለበት ሰው በስህተት ይህን ቢወስድ ስኳሩ ወርዶ ራሱን ሊስት ይችላል። በዚህ ጥንድ ስም ላይ የሚለየው መጨረሻው ብቻ ነው። ሰው ደግሞ ረጅም ስም ሲያነብ መጀመሪያውን አይቶ ቀሪውን በግምት ይሞላል።

ክሎትሪማዞል ባብዛኛው ቅባት ነው፣ ለፈንገስ። ኮትሪሞክሳዞል ግን የሁለት መድኃኒቶች ድብልቅ የሆነ፣ በኪኒንና በሽሮፕ የሚሰጥ ፀረ ባክቴሪያ ነው። ውስጡ ሰልፋ የሚባል የፀረ ባክቴሪያ ዓይነት አለ። ሰልፋ የማይስማማው ሰው ይህን ልዩነት ማወቁ ግድ ነው።

የሌሊት ተረኛ፦

ብልቃጥ ጥሩ ብሏል። ከነርሶች በኩል ልጨምርበት። እኛ ዘንድ ብዙ ጊዜ የሚያሳስተው አፍ ነው። በስልክ የተነገረ ትእዛዝ፣ በጥድፊያ የተባለ ስም። ዶፓሚንና ዶቡታሚን ሁለቱም ለደከመ ልብና ለወረደ ግፊት የሚሰጡ ናቸው፣ አጠቃቀማቸው ግን ይለያያል። ኤፌድሪንና ኤፒኔፍሪንም እንደዚሁ፣ ኤፒኔፍሪን እጅግ ብርቱ ነው። ለዚህ ነው በቃል የተነገረ ትእዛዝ የተቀበለ ሰው ስሙን መልሶ ጮክ ብሎ የሚያነበው፣ ካጠራጠረም ፊደል በፊደል የሚቆጥረው።

አሕጽሮት ደግሞ የባሰ ነው። በላቲን «ኤም ኤስ» ተብሎ የሚጻፍ ነገር አለ። ሞርፊን ሰልፌት ነው ወይስ ማግኒዚየም ሰልፌት? አንዱ ብርቱ ማስታገሻ ነው፣ ሌላው በእርግዝና ወቅት ግፊት ከፍ ብሎ የሚመጣን መንቀጥቀጥ የሚከላከል መርፌ። «ኤዜድቲ»ም እንደዚሁ። የኤችአይቪ መድኃኒት የሆነውን ዚዶቩዲንን ለማለት የተጻፈውን ሰው አዛቲዮፕሪን ብሎ ሊያነበው ይችላል። አዛቲዮፕሪን ደግሞ የሰውነትን የመከላከል አቅም የሚያወርድ መድኃኒት ነው፣ የመከላከል አቅሙ ቀድሞ ለተዳከመ ሰው። አስቡት። የመድኃኒት ስም ሙሉውን ይጻፍ። እዚህ ላይ ድርድር የለኝም።

የካንሰር መድኃኒቶች ላይ ደግሞ ቪንክሪስቲንና ቪንብላስቲን አሉ። ሁለቱም ከአንድ አበባ የተገኙ ናቸው፣ መጠናቸው ግን በጣም ይራራቃል። ቪንክሪስቲን ብዙ ጊዜ በአንድ ጊዜ ከ2 ሚሊግራም እንዳያልፍ ተብሎ ይገደባል። በቪንብላስቲን መጠን ከተሰጠ ሰው ይገድላል።

መምህር ቀመር፦

ሰላም ወገኖች። ኬሚስትሪ አስተምራለሁ። ማኅደረ የጠየቀችው ስለ መድኃኒት ቢሆንም የነገሩ ሥር ኬሚስትሪ ውስጥ ስላለ ትንሽ ልበል።

እኛ ዘንድ ሁሉም ነገር ያለው ቃሉ መጨረሻ ላይ ነው። ናይትሬትና ናይትራይትን ውሰዱ። ልዩነታቸው አንድ ኦክሲጅን ነው፣ ናይትሬት ሦስት አለው፣ ናይትራይት ሁለት። ናይትራይት በብዛት ወደ ሰውነት ከገባ ሄሞግሎቢንን ይለውጥና ደም ኦክሲጅን እንዳይሸከም ያደርገዋል። ከናይትሬት ይልቅ እሱ ነው የሚያስፈራው። ክሎራይድ፣ ሀይፖክሎራይት፣ ክሎሬትም እንደዚያ ናቸው። ሶዲየም ክሎራይድ የገበታ ጨው ነው፣ ሶዲየም ሀይፖክሎራይት በረኪና ውስጥ ያለው ነው፣ ሶዲየም ክሎሬት ደግሞ አረም ማጥፊያ ሆኖ ያገለገለ መርዝ ነው።

ለተማሪዎቼ ሁልጊዜ የምነግራቸው ግን የባሪየምን ነገር ነው። ባሪየም ሰልፌት ለሆድ ዕቃ ራጅ የሚጠጣ ነጭ ፈሳሽ ውስጥ ያለው ነው። ባሪየም ራሱ መርዛማ ቢሆንም ሰልፌቱ በውኃም በጨጓራ አሲድም ስለማይሟሟ እንደገባ ይወጣል። ባሪየም ሰልፋይድ ግን የጨጓራ አሲድ ሲያገኘው ይሟሟና ባሪየሙን ይለቅቃል። ያ ይገድላል። ሰልፌት፣ ሰልፋይድ። ሲነገሩ ልዩነቱ ጆሮን ያልፈዋል፣ ሆድ ውስጥ ግን የሞትና የሕይወት ነው።

ሜታኖልና ኤታኖልም አሉ። ኤታኖል መጠጥ ውስጥ ያለው አልኮል ነው። ሜታኖል ሰውነት ውስጥ ወደ ፎርሚክ አሲድ ይለወጥና ዓይን ያጠፋል። ሜንቶል ደግሞ ከሁለቱም ጋር ግንኙነት የለውም፣ የናና ዘይት ውስጥ ያለው ቀዝቀዝ የሚያደርገው ነገር ነው፣ ግን ሜታኖልን ሜንቶል እያለ የሚጽፍ ተማሪ በየዓመቱ አገኛለሁ። ማግኒዚየምና ማንጋኒዝ፣ ታይሚንና ታያሚን፣ ግሉካጎንና ግላይኮጅንም አሉ፣ ሁሉንም እዚህ አልዘረዝርም።

ጎጆ፦

ይቅርታ፣ እኔ በአንድ ነገር አልስማማም። በአማርኛ መጻፉን ራሱን መተው ይሻላል ባይ ነኝ። የመድኃኒት ስም በግዕዝ ፊደል ሲጻፍ እያንዳንዱ ሰው እንደሰማው ነው የሚጽፈው። አንዱ ሲፕሮፍሎክሳሲን ይላል፣ ሌላው ሳይፕሮፍሎክሳሲን። ጭራሽ የሚጠፋም ልዩነት አለ። በላቲን ጄንታሚሲን መጨረሻው ላይ የሚጻፈው በ«አይ» ነው፣ ኢሪትሮማይሲንና ስትሬፕቶማይሲን ግን በ«ዋይ»። ይህ ዝም ብሎ የመጣ አይደለም። በ«ዋይ» የሚጻፉት ባብዛኛው ስትሬፕቶማይሲስ ከሚባሉ፣ ወይም ስሙ ሲወጣ እንዲያ ይባሉ ከነበሩ ባክቴሪያዎች የተገኙ ናቸው፣ ጄንታሚሲን ግን ማይክሮሞኖስፖራ ከሚባሉ ሌሎች። ሰው በአማርኛ ሁሉንም «ማይሲን» ሲላቸው ይህ ይጠፋል። ካርቶኑ ላይ ያለውን እንዳለ መገልበጥ ነው የሚያዋጣው።

ብልቃጥ፦

ጎጆ፣ ነጥብህ ገብቶኛል፣ ግን የማኅደረ እናት ላቲን ካላነበበች የላቲኑ ጽሑፍ ለእሷ ምን ይፈይድላታል? መድኃኒቱን የምትውጠው እሷ ናት። እኔ የምለው ሁለቱም ይጻፉ ነው። ላቲኑ ከካርቶኑ ላይ ፊደል በፊደል ይገልበጥ፣ ለሐኪምና ለፋርማሲ ማሳያ ይሆናል። ከሥሩ አማርኛው ይጻፍ። ከአማርኛው ጎን ደግሞ «ለግፊት»፣ «ለማሳከክ»፣ «ለስኳር» ተብሎ ለምን እንደሚወሰድ ይጻፍ። ከሁሉም የሚበልጠው ይህ ነው። ስም ሊመሳሰል ይችላል፣ «ለግፊት»ና «ለማሳከክ» ግን ከቶ አይመሳሰሉም።

በላቲን ሲጻፍ አንድ ጥሩ ዘዴ አለ። ተመሳሳይ ስሞች ላይ የሚለየውን ክፍል ብቻ በትልልቅ ፊደል ያትሙታል። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር በ2001 አካባቢ ለተወሰኑ ጥንዶች ይህን አሠራር አበረታቶ ነበር። የእኛ ፊደል ትልቅና ትንሽ ስለሌለው የሚለየውን ክፍል በቀይ ብዕር ጻፊው ወይም አስምሪበት። «ሀይድራላዚን» ላይ «ራላ»ን፣ «ሀይድሮክሲዚን» ላይ «ሮክሲ»ን።

የንግድ ስሞችም ከዚህ አላመለጡም። የጨጓራ አሲድ የሚቀንሰው ኦሜፕራዞል አሜሪካ ውስጥ መጀመሪያ ሎሴክ ተብሎ ነበር የሚሸጠው፣ ላሲክስ ከሚባለው ሽንት አፍሳሽ ጋር እየተምታታ ስላስቸገረ በ1990 ፕሪሎሴክ ተባለ። ብሪንቴሊክስ የሚባል የድባቴ መድኃኒትም እዚያው አሜሪካ ውስጥ ብሪሊንታ ከሚባል ደም እንዳይረጋ ከሚያደርግ መድኃኒት ጋር ስለተምታታ በ2016 ትሪንቴሊክስ ተብሏል። ስም መመሳሰል ሰው ይጎዳል ተብሎ ስለታመነበት ነው ኩባንያ ስሙን የቀየረው።

ማኅደረ፦

በጣም አመሰግናለሁ፣ ሁላችሁንም። ደውዬ ነበር። ፕሬድኒሶሎን ስላለቀባቸው አውቀው እንደቀየሩትና ሐኪሟንም እንዳማከሩ ነገሩኝ። ጉበቷ ደህና ስለሆነ መጠኑ ሳይቀየር ትቀጥል ብለዋል። ቢነግሩን ግን ምን ነበረበት፣ ሁለት ቀን ሙሉ ስብሰለሰል ነው የቆየሁት። ለማንኛውም ወረቀቱን በሁለቱም ፊደል እንደ አዲስ እየጻፍኩት ነው።

አንድ የመጨረሻ ጥያቄ። ዘመድ ከውጭ የላከልን መድኃኒት ላይ አሴታሚኖፌን ይላል። ቤት ያለን ደግሞ ፓራሲታሞል ነው። እነዚህስ ዘመዳሞች ናቸው?

የሌሊት ተረኛ፦

ማኅደረ፣ ይሄ ተቃራኒው ነው። ስሙ ሁለት፣ መድኃኒቱ አንድ። አሜሪካኖቹ አሴታሚኖፌን ይሉታል፣ ብዙው ዓለም ፓራሲታሞል። ሰው ሁለት የተለያዩ መድኃኒቶች መስለውት አንዱን ለራስ ምታት ሌላውን ለትኩሳት ብሎ በአንድ ቀን ይደራርባቸዋል። ለአዋቂ በ24 ሰዓት ውስጥ ከ4 ግራም ማለፍ የለበትም፣ ለአንዳንድ ሰው ሐኪም ከዚያም በታች ያደርገዋል፣ ከመጠን ካለፈ ጉበት ያጠፋል። የጉንፋን ድብልቅ መድኃኒቶች ውስጥም ስለሚገባ የካርቶኑን ጀርባ አንብቢ።

እንዲህ ሁለት ስም ያላቸው ሌሎችም አሉ። ሳልቡታሞልና አልቡቴሮል አንድ ናቸው፣ ለአስም። አድሬናሊንና ኤፒኔፍሪን አንድ ናቸው። ግሊቤንክላማይድና ግላይቡራይድ አንድ ናቸው፣ ለስኳር። ሪፋምፒሲንና ሪፋምፒንም አንድ ናቸው፣ ሪፋክሲሚን ግን ሌላ ነው፣ እሱን እዚህ ውስጥ እንዳትቀላቅዪው። ወረቀትሽ ላይ ፓራሲታሞል ከሚለው ጎን «አሴታሚኖፌንም ይባላል፣ አብረው አይወሰዱም» ብለሽ ጨምሪበት።