የአንድ ቃጠሎ ጉዳት፣ የውልና ከውል ውጭ ኃላፊነት

ድሬዳዋ፣ ከዚራ ውስጥ የጨርቅ መጋዘን ተቃጠለ። መነሻው አከራዩ ጣራ እንዲጠግንለት ያመጣው በያጅ ሲሠራ የወደቀ የእሳት ፍንጣሪ ነው። የተከራዩ ጉዳት 1.4 ሚሊዮን ብር። የኪራይ ውሉ በጽሑፍ ነው፤ ጥገናውንም በአከራዩ ላይ ይጥላል። ከበያጁ ጋር ግን ተከራዩ ምንም ውል የለውም።

የመጀመሪያው ክስ አከራዩን ብቻ፣ ያውም ከውል ውጭ ኃላፊነትን (ከውል ሳይሆን ከደረሰ ጉዳት የሚመነጭ ኃላፊነትን) መሠረት አድርጎ የከሰሰ ነበር። አከራዩ በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2037 መሠረት ጉዳዩ በውል ሕግ ነው የሚታየው ብሎ ተቃወመ፤ በያጁ ራሱን ችሎ የሚሠራ ስለሆነም ቁጥር 2134 ነጻ ያወጣኛል አለ። ፍርድ ቤቱ ክሱ ተሻሽሎ እንዲቀርብ አዘዘ። እኛ የተከራዩ ወገን ክሱን ወደ ውል ስናዞረው ደግሞ አከራዩ የሦስተኛ ወገን ድርጊት ነው በማለት 1793ን ማንሳቱ አይቀርም። ይህ መከላከያ ደካማ ይመስለኛል፤ ሥራውን ለበያጁ የሰጠው ራሱ ነውና።

የሚያስጨንቀው ይርጋው፣ ማለትም ክስ የሚቀርብበት የጊዜ ገደብ ነው። በአከራዩ ላይ በቁጥር 1845 10 ዓመት አለ። በበያጁ ላይ ግን 2143 የሚሰጠው 2 ዓመት ብቻ ነው፤ እሱም ሊያልቅ 5 ሳምንት ቀርቶታል።

በተሻሻለው ክስ አከራዩን በውል፣ በያጁን ከውል ውጭ ከሰን፣ ለዚሁ አንድ ጉዳት በአንድነትና በነጠላ (ሙሉው ከሁለቱም ሆነ ከአንዳቸው ሊጠየቅ በሚችልበት ሁኔታ) እንዲከፍሉ መጠየቅ እንችላለን፣ ወይስ በበያጁ ላይ ለብቻው ክስ መክፈት ግድ ነው?