«ድሪቶ» ስድብ ነው እንዴ?

ጥያቄ፣ ከማራኪ፣ ጎንደር
ሰላም የቋንቋ ወዳጆች። አንድ ትርጉም እየሠራሁ ነው። አሜሪካኖች «ኩዊልት» የሚሉት በእጅ የሚሰፋ የአልጋ ልብስ አለ። ላዩ ከእራፊ ጨርቅ ይገጣጠማል፣ መሀሉ ላይ ባዘቶ ይነጠፋል፣ ከሥር ገበር ይገባለታል። ከዚያ ሦስቱ አንድ ላይ ይሰፋሉ። «ድሪቶ» ብዬ ጻፍኩት። አርታኢዬ «ድሪቶማ ስድብ ነው» ብሎ ሰረዘው። እናንተስ ምን ትላላችሁ?

መልስ፣ ከደባርቅ
እህቴ፣ እኔ ድሪቶ ላይ ተኝቼ ነው ያደግኩት። ዝም ማለት አልቻልኩም።

ግሱ «ደረተ» ነው። ከ«ጣፈ» ጋር አታምታቺው። አንድ ቀዳዳ ሲደፈን ተጣፈ ይባላል። መደረት ግን ጨርቅ በጨርቅ ላይ እየደራረቡ መስፋት ነው። የተጣፈ ሱሪ ያው ሱሪ ነው። ከተደረተ በኋላ ግን ሱሪው ሌላ ነገር ሆኗል።

የደባርቅን ብርድ ታውቁታላችሁ። አያቴ ያረጀ ጋቢ አትጥልም ነበር። ጋቢ አራት ድርብ ስለሆነ ጠርዙ ቢበላም መሀሉ ይሞቃል። እሱን ታነጥፍና የአባቴን ካኪ ሱሪ፣ የአቡጀዲድ ቁራጭ፣ የእናቴን አሮጌ ቀሚስ ትደርትበታለች፤ ያውም ጆንያ በሚሰፋበት ወፍራም መርፌ። መደቡ ላይ ቁርበት፣ ከቁርበቱ በላይ ድሪቶው። ሌሊት እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ በጣቴ እየዳሰስኩ «ይሄ የአባባ ሱሪ፣ ይሄ የእማዬ ቀሚስ» እል ነበር። ከሱቅ ብርድ ልብስ የገዛን ጊዜ ድሪቶው ወጥቶ ተጣለ። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ስድቡ ከድህነቱ ጋር ነው የመጣው። የሚለብሰው ያጣ ሰው «ድሪቷም» ተባለ። ከዚህም ከዚያም ተለቃቅሞ የተጻፈ ጽሑፍም «ድሪቶ» ይባላል። ሙያው ተረሳና ችግሩ ብቻ ቃሉ ላይ ቀረ።

መልስ፣ ከአራዳ፣ የቀድሞ የአማርኛ መምህር
ልጆቼ፣ ነገሩ ገብቶኛል። ግን አንባቢንም እናስብለት። ኩዊልት ለሙሽራም ይሰጣል። «እናትየዋ ለልጇ ሠርግ ድሪቶ ሰጠቻት» ብትዪ ጎንደር ውስጥ ማን በደህና ይሰማዋል? «ከእራፊ የተሰፋ የአልጋ ልብስ» በዪው። ይረዝማል፤ ግን ማንንም አያስቀይምም።

የሚገርመኝ ሌሎቹ የጨርቅ ቃሎቻችን እንዲህ አለመዋረዳቸው ነው። መንገደኛ ስንሸኝ «መንገዱን ጨርቅ ያድርግልህ» እንላለን። የተዋደዱ ሰዎች «እንደ ድርና ማግ» ናቸው። ጎን ለጎን ያለ ማሳ «ኩታ ገጠም» ነው፤ ኩታ ጠርዝ ለጠርዝ ሲጋጠም እንደማለት አድርጌ ነው የምረዳው። ምርቃቱና ፍቅሩ ለአዲሱ ጨርቅ ደረሰ። ለአሮጌው ስድቡ ቀረለት።

ጠያቂዋ
ጋሼ፣ የሙሽራውን ነገር እቀበልዎታለሁ። ግን የያዝኩት ጽሑፍ ስለ ጂስ ቤንድ ሴቶች ነው። አላባማ ውስጥ ያለች ትንሽ የጥቁሮች መንደር ናት። ሴቶቹ የሚሰፉት ካለቀ የሥራ ልብስ ነበር፣ ቤተሰቡ እንዳይበርደው። በፈረንጆቹ 2002 ሥራቸው ሂዩስተን በሚገኘው ሙዚየም፣ ቀጥሎ ኒውዮርክ ዊትኒ ሙዚየም ግድግዳ ላይ ተሰቀለ። በ2006 የፖስታ ቴምብር ወጣለት። ካኪ ሱሪውን ሳነብ ልክ እነሱን ነው ያየሁት። ለእነሱ «ድሪቶ» ብዬ እጽፋለሁ፤ አርታኢዬንም እሟገተዋለሁ። የሠርጉ ሲመጣ የእርስዎን እወስዳለሁ።

ከደባርቅ
አንድ ነገር ልጨምር። አያቴ «ድሪቶ ሰፋሁ» ስትል ሰምቻት አላውቅም። «ደረትኩ» ነበር የምትለው። ስሙ ተሰደበ እንጂ ግሱን ማንም አልነካውም። ስለዚህ «ሴቶቹ ደረቱት» ብለሽ ብትጀምሪ አርታኢሽም የሚሰርዘው አያገኝም። እንግዳ ቤት ሲመጣ አያቴ የድሪቶውን ጫፍ ገልጣ «ይሄን እኮ እኔ ነኝ የደረትኩት» ትል ነበር፤ ድምጿን ከፍ አድርጋ።